ደበበ እሸቱ፦ ከኤም ጂ ኤም እስከ ቃሊቲ

ላስ ቬጋስ ውስጥ ሐበሻ የሚነዳው ታክሲ ላይ የተሳፈረ ሰው ጨዋታ አያጣም። እኛም ሰሞኑን ከኤም ጂ ኤም ግራንድ ሆቴል የነሐስ አንበሳ ፊት ለፊት ቀይ መብራት ይዞን ሳለ፣ ሾፌራችን በአገጩ ወደ አንበሳው እያመለከተ «የእኛ ሰው እኮ ለዚህ ኩባንያ ሠርቷል» አለን። ማንን ማለቱ እንደሆነ ወዲያው ገባን።

ኤም ጂ ኤም «ሻፍት ኢን አፍሪካ»ን እ.ኤ.አ. በ1973 ለሲኒማ ቤቶች ሲያቀርብ፣ ከመሪ ተዋናዩ ከሪቻርድ ራውንድትሪ ሥር ከተዘረዘሩት መካከል «ዋሳ»ን ሆኖ የተጫወተው ደበበ እሸቱ ይገኝ ነበር። ዳይሬክተሩ ጆን ጊለርሚን የፊልሙን አንድ ክፍል የቀረጸው አገራችን ውስጥ ነው። የስቱዲዮው ጌታ ከርክ ከርኮሪያንም በዚያው ዓመት መጨረሻ የመጀመሪያውን ኤም ጂ ኤም ግራንድ እዚሁ ቬጋስ ከፈተ። (በነገራችን ላይ፣ ያ ሕንፃ ዛሬ ሆርስሹ የሚባለው እንጂ አንበሳው የቆመበት አይደለም።)

የፊልሙ ታሪክ የአፍሪካን ወጣቶች በሥራ ስም ወደ አውሮፓ እያሻገሩ በባርነት የሚያሠሩ ደላሎችን ይመለከታል። ያኔ ለመዝናኛ ታየ። የሊቢያን መንገድ የሚያውቅ ወገናችን ዛሬ ቢያየው ግን የሚዝናና አይመስለንም።

አገር ቤት በመድረክ አንጋፋ የነበረ ሰው ባዕድ ፊልም ላይ ሲገባ ስሙ ከዝርዝሩ ዝቅ ይላል። በሙያው ማንም አያፍርበትም፤ አጃቢ ከሌለ መሪ ተዋናይ ብቻውን ምን ይሠራል? የደበበ ዕጣ የከበደው ግን ከመድረክ ውጭ ነው። ከምርጫ 97 በኋላ ከቅንጅት አመራሮች ጋር ታስሮ ቃሊቲ ወረደ፤ የተፈታው በ1999 ዓ.ም. ነው። ጳጉሜ 3 ቀን 2003 ዓ.ም. ደግሞ በሽብር ተጠርጥሯል ተብሎ እንደገና ተያዘ፤ ኋላ ተለቀቀ።

እዚህ ላይ የራሳችንን እንናገር። በመጀመሪያው እስር ጊዜ እኛ በአንድ የመንግሥት ጋዜጣ አዘጋጅ ነበርን። ለኪነ ጥበብ ገጽ ስለ ነባር ተዋንያን የተሰናዳ ጽሑፍ ከነፎቶግራፉ ጠረጴዛችን ላይ ነበር። «የእሱን አውጡት» የሚል ቃል መጣ። ለምን ብለን አልጠየቅንም። ፎቶውን አነሳን፣ ክፍት የቀረውን ቦታ በማስታወቂያ ሞላነው፣ ገጹም ወደ ማተሚያ ቤት ሄደ።

እ.ኤ.አ. በ2014 በባዚ ጌጤ የእስራኤል ፊልም «ቀይ ቅጠሎች» ላይ ግን ደበበን ያየነው በመሪነት ነው። ሚስቱ ሞታበት፣ ቤቱን ሸጦ፣ ከልጆቹ ቤት ወደ ልጆቹ ቤት የሚዞር የኢትዮጵያ አይሁዳዊ አዛውንት ሆኗል። ከስደት ብዙ ዓመት በኋላ ልጆቹ የማይገቡት፣ እሱም የማይገባቸው ግትር አባት ነው። እኛ ከ«ሻፍት» ይልቅ ይህን እንመርጣለን። ፊልሙን ስናይ አጠገባችን የነበሩት ልጆቻችን ግማሹን አማርኛ ከታች የሚያነቡት በእንግሊዝኛ ነበር።

ይህን ሁሉ ለሾፌራችን ስናወጋው ዝም ብሎ አዳመጠና «ታዲያ ጋሼ፣ ከተፈታ በኋላ ፎቶውን አወጣችሁት?» አለን።

አላወጣነውም። አረንጓዴ በራ፤ ከኋላ ያሉት ክላክስ ማድረግ ጀመሩ።