የሰርጉ ወጥ ለምን ቶሎ አይቀዘቅዝም?

የእህታችሁ ሰርግ እሁድ ነው እንበል። ዶሮ ወጡም አልጫውም ቅዳሜ ማታ በትልቅ ድስት ተሠርቶ ሊያድር ነው። ቆይ፣ እዚህ ጋ ትንሽ ሒሳብ አለ!

አንዳንድ ባክቴሪያዎች ስፖር የሚባል፣ መፍላትን የሚቋቋም ቅርጽ አላቸው። ወጡ ከ60 ዲግሪ ሴልሺየስ በታች ሲወርድ ነቅተው መራባት ይችላሉ። የድስቱን ልኬት በሁሉም አቅጣጫ እጥፍ ብታደርጉት ይዘቱ 8 እጥፍ ያድጋል፤ ሙቀት የሚወጣበት ገጽ ግን 4 እጥፍ ብቻ። ስለዚህ መሃሉ ለረጅም ሰዓት ለብ እንዳለ ይቆያል። ለባክቴሪያ ደግሞ ሰርግ ማለት ይኼ ነው።

ምን ይሻላል? ወጡን ወዲያው ዝርግ ዕቃዎች ላይ በስሱ ከፋፍላችሁ ፍሪጅ ውስጥ አሳድሩት፤ ሲቀርብ እስኪንተከተክ አሙቁት። ፍሪጁ አይበቃም? እንግዲያው እንደ ጥብስ ያለ፣ ጠዋት ተሠርቶ በትኩሱ የሚበላ ምግብ ምረጡ። እንግዳ የሚደሰተው በማግስቱም ሆዱ ሰላም ሲሆን ነው።