አጠገቡ የተቀመጠው ምስል

መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ምሽት የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን የወሎን ረሃብ የሚያሳይ ፊልም አቀረበ። ፊልሙን እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ዓመት ቀደም ብሎ ለአገሩ ተመልካች ሠርቶት ነበር። ያን ምሽት የታየው ግን እንደ ወረደ አልነበረም። ወታደራዊው ደርግ በረሃብተኞቹ መሐል የመኳንንቱን ግብዣ አስገብቶበታል፤ ንጉሠ ነገሥቱ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡም ይታያሉ። በማግስቱ ከዙፋናቸው ወረዱ።

በማህደር ምስል ዘጋቢ ፊልም መሥራት የሚፈልግ ሰው ይህን ምሽት ደጋግሞ ቢያስበው እወዳለሁ። ረሃቡ ነበር፣ መደበቁም እውነት ነው፤ ግብዣውም ነበር። ክሱን የወለደው ግን የረሃቡና የግብዣው ምስሎች ጎን ለጎን መቀመጥ ነው። አንዱ ምስል ከሌላው ጋር በአንድ ቀንም ሆነ ለአንድ ጉዳይ አልተቀረፀም።

ዘዴው የቆየ ነው። እ.ኤ.አ. በ1927 ሶቪየታዊቷ ኤስፊር ሹብ፣ የሩሲያው ዛር ቤተሰብ ለራሱ ማስታወሻ ያስቀረፀውን ፊልም ከሌሎች የዜና ፊልሞች ጋር ቀጣጥላ የሮማኖቭን ሥርወ መንግሥት ውድቀት ተረከችበት። ንጉሡን በገዛ ፊልሙ ከሰሰችው ማለት ነው።

ስለዚህ አርታኢው የፊልሙን ጥቅልል ከመቁረጡ በፊት ይጠይቀዋል፦ ማን ቀረፀህ? የትና መቼ? ለማን ብሎ? ድምፁስ ከቦታው የመጣ ነው ወይስ በኋላ የተለጠፈ? ፍጥነቱም ያሳስታል። ድምፅ አልባ ፊልም በእጅ በሚዞር ካሜራ፣ ብዙ ጊዜ በሰከንድ ከ24 ምስል ባነሰ ፍጥነት ይቀረፅ ነበር፤ በዛሬው ፍጥነት ሲታይ ሰዉ ሁሉ እየተንደረደረ የሚሄድ ይመስላል። ፊልም ሠሪው ፒተር ጃክሰን እ.ኤ.አ. በ2018 ለንደን በሚገኘው የጦርነት ሙዚየም ፊልሞች የአንደኛውን የዓለም ጦርነት ወታደሮች ሲያሳየን እርምጃቸውን ወደ ሰው እርምጃ መለሰው። ቀለምና ድምፅም ጨመረበት፤ እኔ ግን ከሁሉም እርምጃቸው ይበልጥብኛል።

ከሁሉ የሚከብደኝ የፊት ጉዳይ ነው። የካሜራ ባለሙያው መሐመድ አሚን በጥቅምት 1977 ዓ.ም. በረሃቡ ወቅት ኮረም ላይ የቀረፃቸው ሰዎች በፊልሙ ለዓለም ጮኸዋል። እነዚያን ፊቶች ለሌላ ዓመት ድርቅ፣ ለሌላ አውራጃ ታሪክ መሙያ ማድረግ ግን ሰዎቹን ዳግም ስም ማሳጣት ነው። ስማቸው ባይገኝ እንኳ ከምስሉ ግርጌ ይጻፍ፦ ኮረም፣ ጥቅምት 1977።