ውኃ የሌለበት ባሕር

በሱዳን ወሰን፥ በአብደራፊ ቆላ፥ ሰፊ ሜዳ አለ። ሰሊጡ ከታጨደ በኋላ፥ በበጋ ቀትር፥ በሜዳው ላይ በሩቅ የሚያበራ ባሕር ይታያል። ዛፎችም በውኃ ውስጥ እንዳለ ጥላ ተገልብጠው ይታያሉ። ሰው ሲቀርበው ግን ባሕሩ ይሸሻል፤ ዳሩን የረገጠ የለም። ዐረቦች የሰይጣን ባሕር ይሉታል።

በሱዳንና በግብፅ ምድረ በዳ ይህ ባሕር ብዙ ሰው አጥፍቷል። እንግሊዛዊው ተጓዥ ሳሙኤል ቤከር፥ እንደ ፈረንጅ አቈጣጠር በ1861 ዓ.ም. የኑብያን ምድረ በዳ አቋርጦ፥ ኋላም እስከ አንገረብ ወንዝ መጥቶ ነበር። በኑብያ የሆነውንም እንዲህ ተርኳል። የግብፅ ወታደሮች በጕዞ ሳሉ ተጠሙ። ባሕሩን ባዩ ጊዜ መንገድ መሪያቸውን ወደዚያ ይወስዳቸው ዘንድ ግድ አሉት። እርሱም ውኃ አለመሆኑን ነግሮ እንቢ አለ። ተቈጥተው ገደሉት። ከዚያም ወደ ባሕሩ ሮጡ፤ ባሕሩ ግን ሸሸ። መንገድ የሚያውቅም አልቀረላቸውምና ሁሉም በጥም አለቁ።

የነገሩን ምክንያት በ1798 ዓ.ም. ከናፖሊዮን ጦር ጋር ወደ ግብፅ የሄደው ፈረንሳዊ ሊቅ ጋስፓር ሞንዥ ገለጠ። ፀሐይ ምድርን ስታግል፥ በምድር አጠገብ ያለው አየር ከላይኛው ይልቅ ይሞቃል። ከሰማይ የሚወርደው ብርሃን በዚያ ትኩስ አየር ታጥፎ ወደ ዓይን ይመጣል። ስለዚህ ዓይን የሰማይን መልክ በምድር ላይ ያያል፤ ልብም ውኃ ይመስለዋል። እንግዲህ የብርሃንና የሙቀት ሥራ ነው እንጂ የሰይጣን ምትሐት አይደለም።

የተጠማ ሰው የወደደውን ለማመን ይቸኵላል። ብልህ መንገደኛ ግን ውኃውን በቅል ይይዛል፤ በጥም ጊዜም መንገዱን የሚያውቀውን ይሰማል።