ከፋብሪካው በር ላይ

ድምፅ የለውም። የጥጥ ፋብሪካው በር ይከፈትና ሻል የተከናነቡ ሴቶች፣ ኮፍያ የደፉ ወንዶች፣ ከእነሱም ጋር የሚሠሩ ልጆች እየተጋፉ ይወጣሉ። ብዙዎቹ ካሜራውን ትክ ብለው ያዩታል። አንዱ ባርኔጣውን ያነሳል፤ አንዷ አፍራ ፊቷን ትሸፍናለች። ጥቂት ደቂቃ ነው፤ ያልቃል።

እንዲህ ያሉትን ፊልሞች የሠሩት ሳጋር ሚቸልና ጄምስ ኬንየን ናቸው፤ በሰሜን እንግሊዝ፣ በብላክበርን ከተማ ሱቅ የነበራቸው ሸሪኮች። ጊዜው ከ1900 እስከ 1913 ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። ሠራተኛ ከፋብሪካ ሲወጣ መቅረጽን እነሱ አልጀመሩትም፤ ፈረንሳዊው ሉዊ ሉሚየር በ1895 ሊዮን ላይ የቤተሰቡን ሠራተኞች ቀርጿል። የእነ ሚቸል ልዩነት ገበያው ነው። ከባዛር ባዛር የሚዞሩ ትርኢት አሳዪዎች ከፍለው ያሠሯቸዋል። ቀን የተቀረጸው ብዙ ጊዜ የዚያኑ ዕለት ማታ ይታያል፤ ሠራተኛውም ራሱንና ጎረቤቱን ለማየት ሳንቲሙን ይዞ ይመጣል። ፊት በበዛ ቁጥር ትኬት ይሸጣል። ስለዚህ ካሜራው ሰው በሚተራመስበት ቦታ ይተከላል፤ አንዳንዴ አሳዪው ራሱ መሐል ገብቶ ሕዝቡን ወደ ካሜራው ሲገፋ ይታያል።

እኔን የሚደንቀኝ ይኸው ነው። ለታሪክ ይቀመጥ ተብሎ ቢቀረጽ ኖሮ ሹማምንቱ ይመረጡ ነበር፤ የፈታዪዋን ሻል ማን ከቁም ነገር ይቆጥረው ነበር? ለዚያ ምሽት ገቢ ሲባል ግን ማንም አልተመረጠም፤ ያለፈው ሁሉ ገባ። ትራሙም፣ የባሕር ዳር ሽርሽሩም፣ ኳስ ሜዳውም አልቀረም። ማንቸስተር ዩናይትድ ይህን ስሙን ባገኘበት በ1902 ከበርንሊ ጋር ሲጫወት የሚያሳየው ፊልም የእነሱ ነው።

በየትርኢቱ የታዩት ቅጂዎች አልቀው ጠፉ። ዋናው ኔጌቲቭ ግን በብረት በርሜሎች ታሽጎ ሱቁ ምድር ቤት ቀረ። በ1994 ሕንፃው ሲታደስ ሠራተኞች ሦስቱን በርሜሎች አገኟቸው፤ ውስጣቸው ከ800 በላይ ፊልም ነበር። የናይትሬት ፊልም ክፉ ነው፤ እሳት ቶሎ ይይዘዋል፣ ሲያረጅም ይኮማተራል። የአገሩ የፊልም ታሪክ ወዳጅ የሆነው ፒተር ዎርደን ለዓመታት ጠብቆ አቆየው፤ በ2000 ወደ ብሪታንያ ፊልም ተቋም ገባ። ባለሙያዎቹም የተኮማተረውን ጥቅል በጥንቃቄ ወደ አዲስ ፊልም ገለበጡት፤ 28 ሰዓት ያህል ምስል ተረፈ።

ደጋግሞ የሚታየው ያው ልጅ ነው፦ በካሜራው ፊት ያልፋል፣ በጀርባው ዞሮ ይሮጣል፣ በሌላኛው ወገን እንደገና ብቅ ይላል።