ብርድ አይገድላቸውም

(ድምፅ፦ ኃይለኛ ነፋስ፤ ከሩቅ የጭላዳ ጩኸት)

ተራኪ፦ ስሜን ተራሮች ላይ ነን፤ ከጨነቅ ወደ ቧሂት በሚወጣው መንገድ። ፀሐይ ገና አልወጣችም። ሣሩ በውርጭ ነጥቷል። ግራና ቀኝ የቆመው ጅብራ ረጃጅም ቅጠሎቹን ወደ መሐል ሰብስቦ እምቡጡን ሸፍኗል። ረፈድ ሲል ፀሐይዋ ታቃጥላለች፣ ቅጠሉም ይዘረጋል፤ ብርድ ልብስ ተከናንቦ የመጣው መንገደኛም ጥላ ፍለጋ ይጀምራል። የደጋ አበቦች ኑሮ እንዲህ ነው፤ ቀን ሐሩር፣ ሌሊት ውርጭ።

ታዲያ እነዚህን አበቦች አዲስ አበባ ወይም ደብረ ብርሃን ጓሮ ውስጥ ማብቀል ይቻላል?

ጅብራን ከወዲሁ እንተወው። ለማበብ ብዙ ዓመታት ይፈጃል፤ አንዴ ያብባል፣ ዘሩን ይበትናል፣ ይደርቃል። ትዕግሥት ያለው ይሞክረው። እኔ ብሆን ቦታውን ለጦስኝ እሰጣለሁ።

(ድምፅ፦ መቆፈሪያ ጠጠር ሲመታ)

ጦስኝ ለሻይና ለሽሮ ቅመም ስንለው ኖረን አበባነቱን ዘንግተነዋል። መሬት ለመሬት እየተሳበ ድንጋይ ያለብሳል፤ ሲያብብ ሮዝና ሐምራዊ ይሆናል፤ ንብ አይለየውም። ከዓለም ሁሉ በኢትዮጵያ ብቻ የሚገኝ ዝርያ ነው። በሳይንሳዊ ስሙ ውስጥ ያለው «ሺምፐር» በ19ኛው ክፍለ ዘመን ወደ አገራችን መጥቶ ዕፅዋት ሲሰበስብ የኖረውና እ.ኤ.አ. በ1878 እዚሁ ያረፈው ጀርመናዊ ነው።

ብዙ ሰው የደጋ ተክል ተክሎ ሲደርቅበት «ብርዱን አጥቶ ነው» ይላል። አብዛኛውን ጊዜ ግን ገዳዩ ውኃ ነው። ተራራ ላይ ዝናቡ ቢበዛም በድንጋዩ መሐል ሾልኮ ይወርዳል። የጓሯችን ጥቁር መረሬ ግን ሐምሌና ነሐሴ ሙሉ ውኃ አዝሎ ይከርማል፤ ግንዱ ከአፈሩ ጋር የሚገናኝበት አንገቱ ይበሰብሳል። በአውሮፓ የአልፕስ አበባ አፍቃሪዎችም በብርዱ ወራት ተክላቸውን ከመስታወት ጣሪያ ሥር ያስገባሉ፤ ቤቱ ግን ማሞቂያ የለውም። ጣሪያው የተሠራው ዝናቡን ለመከልከል ነው።

ስለዚህ መደቡን ከፍ አድርጎ መሥራት ነው። ቀኑን ሙሉ ፀሐይ የሚያገኝ፣ ትንሽ ዘንበል ያለ ቦታ ይመረጣል። ከታች ስባሪ ድንጋይና ጡብ ይደረደራል፤ ከላይ አፈርና ቀይ አሽ እኩል በእኩል ተቀላቅሎ እስከ ጉልበት ይሞላል። አዎ፣ መንገድ የሚደለደልበት ቀይ አሽ። ቀዳዳ የበዛበት የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ስለሆነ ውኃውን ያሳልፋል፣ ለሥሩም አየር ያስቀራል። ፍግ አይጨመርም። ጮማ አፈር ያገኘ ጦስኝ ቅጠሉ ይንዠረገጋል፤ አበባውም ሽታውም ይቀንሳል።

ጊዜውስ? ዘር ከሆነ በበልግ፣ መጋቢት አካባቢ፣ በሰፌድ መሳይ ዝርግ ዕቃ ላይ ይዘራል። ደቃቅ ስለሆነ አፈር አይጫንበትም፤ በስሱ አሸዋ ነስንሶ ውኃ መርጨት ይበቃል። ችኩል ሰው ግን ቅርንጫፉን ይገላልጥ፤ መሬት የነካው አንጓ ላይ ነጫጭ ሥር ያገኛል። እሱን ከነሥሩ ቆርጦ መትከል ነው። መደቡ ከፍ ያለና ጠጠራማ ከሆነ ሰኔ መግቢያ ላይ ይተከል፤ ክረምቱ ያጠጣዋል። ሜዳና መረሬ ከሆነ ግን መስከረም እስኪጠባ ይቆይ። በጥቅምት ውርጭ እስኪመጣ ሥር ይይዛል።

ከተተከለ በኋላ አንገቱ ዙሪያ ሁለት ጣት ያህል ጠጠር ይነስነስ። ይህችን ነገር ሰው ይንቃታል፤ ነገር ግን ቅጠሉን ከጭቃ፣ አንገቱን ከርጥበት የምታድነው እሷ ናት።

(ሙዚቃ ዝቅ ብሎ)

ቁመት ያለው አበባ ለሚሻ ደግሞ ክኒፎፊያ አለ። ከታች ቢጫ ከላይ ቀይ፣ የተለኮሰ ችቦ የሚመስለው የደጋ ገደል አበባ ነው። ቅጠሉ ሰፊና ረጅም ስለሆነ ከመደቡ ኋላ ቢሆን ይሻላል። ከሥሩ ቁጥቋጦ እያወጣ ስለሚበዛ ካበበ በኋላ ተከፋፍሎ ይተከላል። ከጦስኝ ይልቅ እርጥበት ይችላል፤ ውኃ የሚቋጥር ቦታ ላይ ግን አይተከልም።

ተክሉን ከየት እናምጣ? ከስሜን ወይም ከባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ ነቅሎ ማምጣት ክልክል ነው። በዚያ ላይ ከገደል የተነቀለ ትልቅ ተክል ረጅሙ ሥሩ ስለሚበጠስ የመጽደቅ ዕድሉ አናሳ ነው። ጦስኝ ካበቀለ ጎረቤት አንድ ቅርንጫፍ ይበቃል፤ ክኒፎፊያ ከችግኝ ጣቢያ ይጠየቅ።

አበባው ሲረግፍ ጦስኙ በመቀስ ይከርከም፤ አረንጓዴው እንጂ እንጨት የሆነው ግንድ አይነካ። የተከረከመው ጥላ ላይ ይደርቅና ጀበናው አጠገብ ይቀመጥ፤ የቤቱ ሰው ሻይ ሲያፈላ ይፈልገዋል።