በረዳትነት የከበረ ተዋናይ

ሰው ሁሉ በተጠራበት ስፍራ በታማኝነት ከቆመ፥ ትንሽ የሚባል አገልግሎት የለም። ስለ ሲኒማ በተነገረ ጊዜ ግን የሚነሣው የዋናው ተዋናይ ስም ነው እንጂ፥ ከጎኑ ሆኖ ታሪኩን የሚደግፈው ረዳት ተዋናይ ብዙ ጊዜ ይዘነጋል። ስለዚህ የአሜሪካዊውን የካርል ማልደንን ሕይወት ለአንባብያን ልናቀርብ ወደድን። ዓመታቱ ሁሉ በአውሮጳውያን አቈጣጠር ናቸው።

ይህ ሰው በ1912 ተወልዶ በኢንዲያና ግዛት፥ የብረት ፋብሪካ በሞላባት በጌሪ ከተማ አደገ። ወላጆቹ ያወጡለት ስም ምላደን ሴኩሎቪች ነበር። አባቱ በዘሩ ሰርብ ሲሆን፥ በፋብሪካና በወተት አከፋፋይነት እየሠራ፥ ለሰርቢያ ኦርቶዶክስ ምእመናን ቴአትር ያዘጋጅ ነበርና፥ ልጁ በመድረክ መቆምን ከአባቱ፥ መዘመርንም ከቤተ ክርስቲያኑ መዘምራን ተማረ። እርሱም ትምህርቱን እንደ ጨረሰ በብረት ፋብሪካ ሠራ፤ በ1934 ግን ቴአትር ሊማር ወደ ቺካጎ ሄደ።

መልኩ የጀግና መልክ አልነበረም። ቅርጫት ኳስ ሲጫወት ሁለት ጊዜ የተሰበረው አፍንጫው ሁሉ የሚያውቀው ምልክቱ ሆነ። ነገር ግን በ1951 በወጣው «ኤ ስትሪትካር ኔምድ ዲዛየር» በተባለው ፊልም የረዳት ተዋናይነትን የኦስካር ሽልማት አገኘ፤ ዋናው ተዋናይ ማርሎን ብራንዶ ግን ያን ጊዜ አልተሸለመም። በ1954 «ኦን ዘ ወተርፍሮንት» በተባለው ፊልም ለወደብ ሠራተኞች መብት የሚከራከር ቄስ ሆኖ ሲሠራ ነገሩ ተገላበጠ፤ ተሸላሚው ብራንዶ ሆነ፥ ማልደን በእጩነት ቀረ። ከ1972 እስከ 1977 በቴሌቪዥን የሳን ፍራንሲስኮን ሽማግሌ መርማሪ ፖሊስ ሆኖ ሠራ፤ በ1985ም በረዳት ተዋናይነት የኤሚን ሽልማት ተቀበለ። ከዚህም በኋላ የኦስካርን ሽልማት ለሚሰጠው አካዳሚ ፕሬዚዳንት እስከ መሆን ደረሰ።

ይሁን እንጂ ልቡን የከነከነው አንድ ነገር ነበር። በወጣትነቱ የቴአትር ሰዎች ስሙ ረዘመ ስላሉት፥ የአባቱን ስም ትቶ በአጭር ስም ተጠራ፤ በዚህም ኋላ ተጸጸተ። ስለዚህ በሚሠራባቸው ፊልሞች ሴኩሎቪች የሚባል ሰው እንዲጠራ ያደርግ ነበር። በ1970 በ«ፓተን» ፊልም የጄኔራል ብራድሌን ስፍራ ይዞ ሲሠራ፥ የራስ ቊሩን እንዲያቀብለው ወታደሩን የጠራው በዚሁ ስም ነው።

በ1938 ካገባት ከሚስቱ ከሞና ጋር ሰባ ዓመት ኖሮ፥ ሁለት ሴቶች ልጆችንም አሳድጎ፥ በ2009 በ97 ዓመቱ ዐረፈ።

እንግዲህ ወላጆች ሆይ፥ ልጆቻችንን ፊተኛውን ስፍራ እንዲሹ ብቻ አናስተምራቸው፤ በተሰጣቸው ስፍራ መታመንን እናስተምራቸው። ልጆችም ሆይ፥ ስማችሁ ለባዕድ አፍ ቢከብድም አትፈሩበት። ለዓለም እንዲመች የተጣለውን የአባት ስም መልሶ ለማንሣት፥ ይህ ሰው በየፊልሙ ሲደክም ኖሯልና።