አትክልቱ ለእንፋሎት፣ ማጥቀሻው ለልጆች

አዲስ አበባ ውስጥ ውሃ በስንት ዲግሪ ይፈላል? “በ100” ያላችሁ ትምህርት ቤት የተማራችሁትን አልረሳችሁም፤ ግን መልሱ ለጅቡቲ ሰው ነው። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል 2,300 ሜትር ገደማ ከፍ ብላ ስለተቀመጠች የአየሩ ግፊት ይሳሳል፤ ድስቱም 92 ዲግሪ ሴልሺየስ አካባቢ ሲደርስ መንተክተክ ይጀምራል። ደብረ ብርሃን ላይ መፍያው ከዚህም ዝቅ ይላል። ጅዳና ቴል አቪቭ ያሉ ዘመዶቻችን ግን ሙሉውን 100 ያገኛሉ።

ለምን አነሳሁት? አትክልትን በእንፋሎት ስለማብሰል የሚጻፉት መመሪያዎች አብዛኞቹ ለዝቅተኛ ቦታ የተጻፉ ስለሆኑ ነው። “ካሮት፣ 7 ደቂቃ” ይላሉ። አዲስ አበባ ላይ 7 ደቂቃ ሲሞላ ካሮቱ ገና ጥሬ ጥሬ ይላል፤ ልጁ አንዴ ነክሶ ይተፋዋል። እናት ትበሳጭና ውሃ ጨምራ ትቀቅለዋለች፤ አሁን ደግሞ ላሽቆ ይወጣል። ልጁም “አትክልት አልወድም” የሚል ስም ይወጣለታል። እኔ ግን ከልጁ ጎን ነኝ። ካሮቱን የጠላው ልጅ ካሮት ገና አልቀረበለትም ብዬ አምናለሁ፤ የቀረበለት ሌላ ነገር ነው። በሁለት በኩል እንርዳው፦ አትክልቱን በልኩ እናብስለው፣ ከጎኑም የሚያጠቅስበት ነገር እናስቀምጥለት። ሁለቱም ውስጥ ደስ የሚል ሳይንስ አለ፤ ታገሱኝ።

ከእንፋሎቱ እንጀምር። ከድስቱ የሚወጣው እንፋሎት ከሚፈላው ውሃ ጋር እኩል ሙቀት ነው ያለው፤ አዲስ አበባ ላይ እሱም 92 ነው። ጉልበቱ ግን ሌላ ነው። አንድ ኪሎ ውሃን ከቧንቧ ቀድቶ እስከ መፍያው ከማድረስ ይልቅ፣ የፈላውን ውሃ ሙሉ በሙሉ ወደ እንፋሎት ለመለወጥ ሰባት እጥፍ የሚበልጥ ሙቀት ያስፈልጋል። ይህ ሁሉ ሙቀት እንፋሎቱ ውስጥ ተደብቆ ይቀመጣል። እንፋሎቱ ቀዝቃዛ ፎሶሊያ ሲነካ ወደ ጠብታ ይመለስና የተሸከመውን በሙሉ እዚያው ያራግፋል። የሚያበስለው ይህ ነው። እጅንም በአንዴ የሚያቃጥለው ይኸው ነውና ክዳኑን ስትከፍቱ ከፊታችሁ አርቃችሁ፣ ወደ ወዲያኛው ጎን አዘንብሉት። ልጆችም በዚያች ቅጽበት ምድጃው ዘንድ አይቁሙ።

ነገሩ ለእኛ ቤት እንግዳ አይደለም። እንጀራ ምጣድ ላይ አይገለበጥም፤ ታዲያ የላይኛው ፊቱ በምን በሰለ? አክንባሎው ባፈነው እንፋሎት ነዋ! እንጀራ የሚጋገርበት ቤት ሁሉ በእንፋሎት ማብሰልን ያውቅበታል፤ ዘዴውን ወደ ካሮት ማዛወር ብቻ ነው የሚቀረው።

ታዲያ ቢቀቀልስ ምን አለበት? ቫይታሚን ሲ እና ፎሌት በውሃ የሚሟሙ ናቸው። አትክልት በብዙ ውሃ ሲቀቀል ከእነሱ የተወሰነው፣ ከካሮቱም ስኳር ጥቂቱ፣ ወደ ውሃው ይወርዳል፤ ውሃውን ስንደፋው አብሮ ይደፋል። ሾርባ ከሆነ ግድ የለም፣ ውሃውም ይጠጣል። በእንፋሎት ግን አትክልቱን የሚነኩት ጠብታዎች ብቻ ስለሆኑ አብዛኛው እዚያው ይቀራል። ካሮቱ ራሱን ካሮት ካሮት የሚለው ለዚህ ነው፤ ልጅ ደግሞ ጣፋጩን ከማንም በፊት ይለያል።

ስለ አረንጓዴው ቀለምም ልንገራችሁ፤ ይኼኛው በጣም ደስ ይለኛል። ፎሶሊያ እንፋሎት ሲነካው መጀመሪያ ከጥሬው የበለጠ አረንጓዴ ይሆናል። በሕዋሶቹ መካከል ያለው አየር ስለሚወጣ ቀለሙ ጎልቶ ይታያል። ይህች ደቂቃ የልጆች ደቂቃ ናት። ሲቆይ ግን ሕዋሶቹ ይፈነዱና የአትክልቱ የራሱ አሲድ ይለቀቃል። አሲዱ ክሎሮፊሉ መሃል የተቀመጠውን ማግኒዚየም ያባርረዋል፣ ሃይድሮጂን ቦታውን ይይዛል፣ አረንጓዴው ወደ ደፈረሰ ቡናማ ይሄዳል። ስለዚህ ሎሚ የምትወዱ ሰዎች፣ እባካችሁ ሎሚውን ብሮኮሊው ላይ አትጭመቁ፤ ማጥቀሻው ውስጥ ይግባ። ቀለሙን ለማቆየት ቤኪንግ ሶዳ ጣል የሚያደርጉም አሉ። አረንጓዴነቱን ያቆየዋል፣ እውነት ነው፤ ግን አትክልቱን ያላሽቀዋል፣ ቫይታሚን ቢ1ንም ያጠፋዋል። እኔ አልመክርም።

አሠራሩ ቀላል ነው። ባለ ሁለት ፎቅ የእንፋሎት ድስት ያለው ይጠቀምበት፤ የሌለው ደግሞ ብረት ድስት አፍ ላይ የሚቀመጥ የብረት ማጥለያና ገጥሞ የሚከድን ክዳን ይበቃዋል። ውሃው ሁለት ሦስት ጣት ያህል ይሁን፣ ማጥለያውን ግን አይንካ። መጀመሪያ ውሃው ይፍላ፣ አትክልቱ ከዚያ በኋላ ይግባ፤ ቀዝቃዛ ውሃ ላይ ከተጣደ ደቂቃ መቁጠሩ ትርጉም የለውም። ጠንካራው ይቅደም፦ ድንችና ካሮት፣ ቀጥሎ ፎሶሊያና አበባ ጎመን፣ መጨረሻ ዝኩኒ። በባሕር ጠረፍ በጣት ውፍረት የተቆረጠ ካሮት 7 ደቂቃ ቢበቃው፣ አዲስ አበባ ላይ 9 ወይም 10 ስጡት። አበባ ጎመንና ብሮኮሊ ከ6 እስከ 8፣ ዝኩኒ 4 ወይም 5። ሰዓቱ ግምት ነው፤ ዳኛው ቢላ ነው፣ ጫፉ ያለ ትግል ገብቶ መውጣት አለበት። ቀይ ስርን ለብቻው ጣዱት፤ አለዚያ ገበታው ሁሉ ሮዝ ይሆናል። ይህን የሚወዱ ልጆች አሉ፣ ለእነሱ ብትተዉትም ክፋት የለውም።

አቆራረጡን በተመለከተ ልጠንክርባችሁ። ዕድሜያቸው ከአራት ዓመት በታች ለሆኑ ካሮትን ክብ ክብ አድርጋችሁ አትቁረጡ፤ ክቡ የሕፃን ጉሮሮ ላይ ልክ ገጥሞ ሊያንቅ ይችላል። ረዘም አድርጋችሁ በጣት ልክ ሰንጥቁት፣ በሁለት ጣት ሲጫን እስኪደቅ ድረስም ይብሰል። ረጅሙ ቁራጭ ለመያዝም ለማጥቀስም ይመቻል። ከድስቱ ሲወጣ ሰፊ ሳህን ላይ ዘርጉትና ጥቂት ደቂቃ ይተንፍስ። ላዩ ላይ ውሃ ያለበት አትክልት ማጥቀሻ አይይዝም፤ ይንሸራተትና ልብስ ላይ ያርፋል።

አሁን ወደ ማጥቀሻው፤ መጀመሪያ ግን ስለ መራራ ጣዕም። እ.ኤ.አ. በ1931 አርተር ፎክስ የተባለ ኬሚስት ዱፖንት ኩባንያ ቤተ ሙከራ ውስጥ ፒቲሲ የሚባል ዱቄት ሲገለብጥ ብናኙ በአየር ተበተነ። አጠገቡ የነበረው ባልደረባው “እንዴት ይመራል!” እያለ ሲያማርር ፎክስ ግን ምንም አልቀመሰም። ሁለቱ ተከራከሩ፣ ቀመሱት፣ ሌላውን ሰው ሁሉ አስቀመሱት። ሰው በሁለት ተከፈለ፤ ለአንዱ እጅግ መራራ፣ ለሌላው ባዶ። ዛሬ ልዩነቱ በአብዛኛው ከወላጅ ከሚወረስ አንድ ዘረ መል እንደሚመጣ ይታወቃል። በጎመን፣ በብሮኮሊና በአበባ ጎመን ውስጥም ከዚያ ዱቄት ጋር የሚዛመዱ መራራ ነገሮች አሉ። እንግዲህ አንድ ገበታ ላይ የተቀመጡ እህትና ወንድም ከአንድ ሳህን ጎመን ሁለት ዓይነት ጣዕም ሊቀምሱ ይችላሉ። “እህትህ እየበላች አንተ ምን ሆነህ ነው?” የሚለውን ጥያቄ ብንተወው ደግ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ጥናት አለ። እ.ኤ.አ. በ2012 የታተመ ሲሆን የሠሩት የቴምፕል ዩኒቨርሲቲዋ ጄኒፈር ፊሸርና ባልደረቦቿ ናቸው። ትምህርት ቤት ላልገቡ 152 ልጆች ጥሬ ብሮኮሊ አንዳንዴ ለብቻው፣ አንዳንዴ ከማጥቀሻ ጋር አቀረቡላቸው። መራራ አጥብቆ የሚሰማቸው ልጆች ማጥቀሻ ሲኖር 80 በመቶ የሚሆን ብልጫ በሉ። የሚገርመው፣ ቅባቱ የተቀነሰለት ማጥቀሻ ካልተቀነሰለት እኩል ሠራ። ታዲያ ሥራውን የሠራው ምን ሊሆን ይችላል? ጨው ይጠረጠራል፤ የጨው ሶዲየም በምላስ ላይ መራራን እንደሚያፍን ከዚያ በፊት በ1997 ታይቶ ነበርና። ስለዚህ ቁንጥር ጨው በማጥቀሻው ውስጥ ትልቅ ሥራ አላት፤ ቁንጥር ግን ቁንጥር ናት፣ የልጅ ኩላሊት ይከበር። ቅባቱም ቢሆን ያለ ሥራ አይቀመጥም። የካሮት፣ የዱባና የብርቱካናማው ስኳር ድንች ቀለም ሰውነት ወደ ቫይታሚን ኤ የሚለውጠው ነው፤ ወደ ደም እንዲገባ ደግሞ ትንሽ ቅባት አብሮት መብላት አለበት። ካሮት ብቻውን ከሚበላ ከማጥቀሻ ጋር ቢበላ ይሻለዋል ማለት ነው።

ማጥቀስ ለእኛ ማን ያስተምረናል! አዋዜና ዳጣ ያሉበት አገር ነው፤ የልጆቹ ብቻ ሳይቃጠል ይሁን። እኔ የማስቀድመው የእርጎውን ነው። ወፈር ያለ እርጎ በንጹሕ ጨርቅ አድርጋችሁ ለሁለት ሰዓት ያህል ስቀሉት፣ ውሃው ይንጠፍ። የቀረውን ከለሰለሰ አይብ ጋር ምቱት፤ አንድ ማንኪያ ዘይት፣ ጥቂት ሎሚ፣ ቁንጥር ጨው። ነጭ ሽንኩርትም ይገባል፣ ግን ጥሬውን አይደለም። አንድ ሁለት ፍሬ ከነልጣጩ ከካሮቱ ጋር እንፋሎት ላይ ጣሉ። የነጭ ሽንኩርት ማቃጠል የሚፈጠረው ሲደቅቅ ነው፤ ውስጡ ያለ ኢንዛይም ሥራውን የሚጀምረው ያኔ ነው። ሳይላጥ በሙቀት ከበሰለ ኢንዛይሙ ቀድሞ ይሞታል፤ ሽንኩርቱ ለስላሳ፣ ወደ ጣፋጭነት የሚያዘነብል ይሆናል። ጨምቃችሁ አውጡትና ማጥቀሻው ውስጥ ደፍጥጡት።

ረቡዕና ዓርብ፣ ሌላውም ጾም፣ ወተት የማይገባበት ቤት አይቸገርም። ቡቲቻ አለ፦ የሽምብራ ዱቄት በውሃ በደንብ በስሎ፣ ቀዝቅዞ፣ በዘይትና በሎሚ የተመታ። ለልጆች ቃሪያውን አስቀሩና ሽንኩርቱን ደቃቅ አድርጉት፤ ካሮት ተሰክቶ የሚቆምበት ውፍረት ይኑረው። አቮካዶ ከሎሚ ጋር ደግሞ ከሁሉ ይፈጥናል፤ ሎሚው ጣዕም ከመስጠቱ ሌላ መጥቆሩንም ያዘገየዋል። የተቆላና የላመ ለውዝ በሙቅ ውሃ አቅጥነው ሎሚ ቢጨምሩበት ጎመን ጠሉን ሁሉ ያስታርቃል፤ ለውዝ የማይስማማው ልጅ ቤት ውስጥ ካለ ግን አይሞከር፣ እንግዳ ልጅ ሲመጣም አስቀድማችሁ ጠይቁ። ማር ማከል የምትፈልጉ፣ ዓመት ላልሞላው ሕፃን ማር እንደማይሰጥ አትርሱ።

አቀራረቡ ላይ ብዙ አልልም። ለየልጁ የየራሱ ትንሽ ስኒ ይኑረው፤ የነከሱትን መልሰው መንከራቸው አይቀርምና። አንድ ትሪ ለሁሉ፣ ስኒው ለየብቻ። አዲስ አትክልት አንዴ ስላልተበላ ተስፋ አይቆረጥም፤ ልጆች አንድን ምግብ ለመልመድ አሥርና ከዚያ በላይ ጊዜ መቅመስ ሊያስፈልጋቸው ይችላል። ስለዚህ ሁልጊዜ ከሚወዱት ድንች አጠገብ ሁለት ሦስት ፍሬ አበባ ጎመን አስቀምጡና ዝም በሉ። “አንድ ብቻ፣ ለእማዬ ስትል” አያስፈልግም። ድንቹን ያጠቀሰ እጅ አንድ ቀን አበባ ጎመኑንም ያነሳል፤ ማጥቀሻውን ብቻ በጣቱ ጠርጎ የሚልስም አይጠፋም፣ እሱም አንድ ነገር ነው።

የተረፈ ማጥቀሻ በጥቂት ውሃ ቀጥኖ የሰላጣ ማባያ ይሆናል። የተረፈውን አትክልት በማግስቱ ደፍጥጣችሁ ከድንች ጋር በዘይት ጠበስ አድርጉት። ከድስቱ ሥር ያለችውን ባለቀለም ውሃም አትድፏት፤ የወረዱት ጠብታዎች እዚያ ናቸው፣ ለሩዝ ወይም ለሾርባ ትሆናለች። የቀይ ስሩ ከሆነች ደግሞ ሩዙ ሮዝ ይወጣል፤ ልጆቹን ቀድማችሁ አትንገሯቸው።